«ጤዛ»ን ከልጄ ጋር ልየው?

ጥያቄ፦ እትዬ፣ የምኖረው አሜሪካ፣ ዋሽንግተን አጠገብ ሲልቨር ስፕሪንግ ነው። የአሥራ ስድስት ዓመት ልጄ የኃይሌ ገሪማን «ጤዛ» የተባለ ፊልም እንይ ብላ ይዛኛለች። እኔ ከዓመታት በፊት አይቼዋለሁ። አብዮተኛ ነን የሚሉ ወጣቶች እርስ በርስ ሲፋጁ ያሳያል። እውነት እንዲህ ነበር ወይስ ለፊልም ሲባል ተጋነነ? ከጠየቀችኝ ምን ልበላት?

መልስ፦ አልተጋነነም፣ እህቴ። እንዲያውም ፊልሙ ብዙ ምሮናል።

ኢሕአፓና መኢሶን የሚባሉት ሁለቱ የግራ ፓርቲዎች ከአንድ የተማሪ ንቅናቄ የወጡ ናቸው። መሬት ላራሹ ሲባል ሁሉም አብሮ ጮኋል። የተጣሉት በወታደሩ ጉዳይ ነው። ኢሕአፓ ሕዝባዊ መንግሥት አሁኑኑ አለ፤ መኢሶን ለወታደሩ መንግሥት ለደርግ «ሂሳዊ ድጋፍ» ሰጠ፣ እየተቸሁ እደግፋለሁ አለ። 1969 ሲገባ ክርክሩ ከወረቀት ወጥቶ ሽጉጥ ውስጥ ገባ። ኢሕአፓ ከተማ ውስጥ የደርግን ሰዎች መግደል ያዘ። ደርግ ቀበሌዎችን አስታጠቀ። ሚያዝያ 9 ቀን መንግሥቱ አብዮት አደባባይ ላይ ቀይ ፈሳሽ የሞላባቸውን ጠርሙሶች ሰባበረ፤ ከዚያ ወዲያ ያለውን ቀይ ሽብር ታውቂዋለሽ። መኢሶንም ቢሆን አልተረፈም። ነሐሴ ላይ ኅቡዕ ገባ፣ እሱም ተራው ደርሶት ተለቀመ።

እኔ ያኔ ዘጠነኛ ክፍል ነበርኩ። አሰሳ ሊመጣ ነው ሲባል እናቴ የወንድሜን «ዴሞክራሲያ»፣ የኢሕአፓን ጋዜጣ፣ ምጣድ ሥር ከተተችው። ማንበብ ስለማትችል የእኔንም የሒሳብ ደብተር አብራ አነደደችው። እንጀራው ግን ተጋገረ፤ አሳሾቹም በሉ።

በፊልሙ የማልስማማበት ነገር አለ። ዋናው ገጸ ባሕርይ አንበርብር ጀርመን የተማረ ሐኪም ነው፤ ትልቅ ሰው ነው። ነገሩን ዳር ቆሞ ማየት ይችላል። በሰፈራችን ያለቁት ግን ወረቀት የሚበትኑ የሃይስኩል ልጆች ናቸው። ለልጅሽ ይህን ንገሪያት፤ እኩዮቿ ነበሩ። አንበርብር ስብሰባ ላይ ራሱን እንዲሂስ የሚገደድበት ቦታ ላይ ግን አፌን ነው የያዝኩት። እንደዚያው ነበር፤ ድምፁ ሳይቀር።

ከመጀመራችሁ በፊት ጊዜው ወደ ኋላና ወደ ፊት እንደሚዘል አስረጃት። የጀርመኑ የተማሪነት ዘመን አለ፣ የደርጉ አዲስ አበባ አለ፣ በመጨረሻም ከብሔራዊ ውትድርና የሸሹ ልጆች ዋሻ ውስጥ የሚደበቁበት መንደር አለ። ከሁለት ሰዓት በላይ ስለሚሄድ ማታ አትጀምሩት። ጀርመን ውስጥ ዘረኞች የሚደበድቡት ነገር ይከብዳል፤ ግን አሜሪካ ያደገች ልጅ ከሁሉ ቀድማ የምትረዳው እሱን ይመስለኛል።

ደግሞ ኃይሌ ገሪማ ጎረቤታችሁ ነው እኮ! ዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለረጅም ዓመታት ፊልም አስተምሯል፤ እዚያው ጆርጂያ አቬኑ ላይ «ሳንኮፋ» የሚባል የመጻሕፍትና የፊልም ቤት ከባለቤቱ ጋር ከፍቷል። ቅዳሜ ይዘሻት ሂጂ። የቀራትን ጥያቄ እዚያ ትጠይቅ፣ አንቺም ቡናሽን ጠጪ።