መልስ፦ «አልዛይመር (የመርሳት በሽታ) ያለባት እናቴ ሌሊት ሽንት ቤት ፍለጋ ተነስታ ወጥ ቤት ትገባለች»

የሽንት ቤቱን በር ሌሊቱን ሙሉ ወለል አድርገህ ክፈተው፤ መብራቱም አይጥፋ። የወጥ ቤቱን ዝጋ። ከተቻለ አልጋቸውን አዙረው፤ ቀና ሲሉ የሽንት ቤቱ መቀመጫ በቀጥታ ይታያቸው። አልዛይመር ቀድሞ ከሚጎዳቸው የአንጎል ክፍሎች አንዱ ሂፖካምፐስ ነው፤ የቦታን አቀማመጥ የሚይዘው እሱ ነው። ስለዚህ «ከሳሎኑ በስተግራ» እያልክ ብታስረዳቸው አይያዝላቸውም። የሚታያቸውን ግን ይከተላሉ።

መቀመጫውም ወለሉም ነጭ ከሆነ አይለይላቸውም፤ ክዳኑን በቀይ ወይም በሰማያዊ ቀይረው። መንገዳቸው ላይ ጥቁር ምንጣፍ ካለ አንሳው፣ ጉድጓድ መስሏቸው ሊመለሱ ይችላሉ።

አንድ ጥንቃቄ፦ ግራ መጋባቱ በአንድ ሁለት ቀን ውስጥ ድንገት ከባሰ በበሽታው አታሳብብ፤ አልዛይመር እንዲህ አይፈጥንም። የሽንት ቧንቧ ኢንፌክሽን ወይም አዲስ የተጀመረ መድኃኒት ሊሆን ስለሚችል በዚያው ቀን ሐኪም ይያቸው።