ስለ ኤሮል ሞሪስ ፊልሞች፦ ጥያቄና መልስ

አሜሪካዊውን የዘጋቢ ፊልም አዘጋጅ ኤሮል ሞሪስን በተመለከተ ብዙ ጥያቄ ደርሶኛል። ተመሳሳዮቹን አንድ ላይ አድርጌያለሁ፤ ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ እንደ ፈረንጆች ነው።

የእሱ ባለታሪኮች ዐይን ዐይናችንን እያዩ ይናገራሉ። እኔ ስቀርጽ ግን ሰው ሁሉ ወደ ጎን ያያል። ለምን?

አንተ ከካሜራው ጎን ተቀምጠህ ስለምትጠይቅ ነዋ! ሰው የሚያየው የሚያናግረውን ነው። ሞሪስ ዜና አንባቢዎች የሚጠቀሙበትን፣ ጽሑፍ ከሌንሱ ፊት ባለ አሳልፎ የሚያሳይ መስታወት ላይ የሚያወጣውን ቴሌፕሮምፕተር ወስዶ በጽሑፉ ምትክ የራሱን ፊት አሳየበት። ሌንሱ ያለው ከመስታወቱ ጀርባ ስለሆነ ተጠያቂው ሞሪስን ሲያይ እኛን ያያል። ሞሪስም በሌላ ተመሳሳይ መሣሪያ ተጠያቂውን ያያል። ስሙን ኢንተሮትሮን ብሎታል። የቀድሞው የአሜሪካ መከላከያ ሚኒስትር ሮበርት ማክናማራ በ2003ቱ ፊልም ስለ ቬትናም የተናገሩት በዚሁ መሣሪያ ፊት ተቀምጠው ነው።

ተዋናይ የገባበት ፊልም እንዴት ዘጋቢ ይባላል?

ትወናው ለምን እንደገባ እንይ። በ1988 የወጣው «ዘ ቲን ብሉ ላይን» በዳላስ የተገደለ ፖሊስን ጉዳይ ይመረምራል። ሞሪስ ግድያውን በምስክሮቹ ቃል መሠረት ደጋግሞ፣ በየጊዜው እየለዋወጠ ያሳየናል። ሁሉም እውነት ሊሆን አይችልም። በዚሁ ግድያ ሞት ተፈርዶበት የነበረው፣ ኋላም ቅጣቱ ወደ ዕድሜ ልክ የተቀየረለት ራንዳል አዳምስ በ1989 ተፈታ።

ፎቶግራፍስ ይታመናል?

ይህን ጥያቄ ስጠብቀው ነበር። በ1855 በክራይሚያ ጦርነት ፎቶግራፍ አንሺው ሮጀር ፌንተን አንድን መንገድ ሁለት ጊዜ አነሣው። በአንደኛው ፎቶ የመድፍ አረሮቹ መንገዱ ላይ ተበትነዋል፤ በሌላው መንገዱ ባዶ ነው። ብዙዎች «ፎቶው እንዲያምር አረሮቹን ራሱ ፌንተን በትኗቸዋል» ይሉ ነበር። ሞሪስ ግን «የትኛው ቀድሞ እንደተነሣ በምን አወቃችሁ?» ብሎ እስከ ክራይሚያ ድረስ ሄደ። የጥላውን አቅጣጫ መረመረ፤ አልሆነለትም። እንቆቅልሹን የፈቱት ማንም ልብ ያላላቸው ትናንሽ ጠጠሮች ናቸው። አረሮቹ መንገዱ ላይ በሚታዩበት ፎቶ ጠጠሮቹ ከዳገቱ ወደ ታች ተንሸራትተዋል። የሰው እግር የነካው ጠጠር ደግሞ ሽቅብ አይወጣም። ስለዚህ ባዶው መንገድ ቀድሟል፤ አረሮቹን ሰው አስቀምጧቸዋል። ለምን እንዳስቀመጣቸው ግን ጠጠር አይናገርም።

ስለ ሳይንስ የሠራው አለ?

በ1991 ስለ ፊዚክስ ሊቁ ስቲቨን ሆኪንግ ሠርቷል። እኔ የምመርጠው ግን የ1997ቱን ነው፦ አንበሳ አሰልጣኝ፣ ቁጥቋጦን በእንስሳት ቅርጽ የሚከረክም አትክልተኛ፣ የሮቦት ተመራማሪው ሮድኒ ብሩክስና የፀጉር አልባ ፍልፈል አጥኚ በአንድ ፊልም። ፍልፈሉ እኮ የእኛው ነው! በምሥራቅ ኢትዮጵያ፣ በሶማሊያና በኬንያ ከመሬት በታች እንደ ንብ በንግሥት ሥር ይኖራል።

ዐይኑ ችግር አለበት ይባላል?

አዎ። በልጅነቱ ሸውራራ ነበር፤ የታዘዘለትን የዐይን መሸፈኛ እምቢ ስላለ ጥልቀትን እንደ ሌላው ሰው አያይም። ፊልሞቹን ሁሉ በዚህ የሚተረጉሙ አሉ፤ ለእኔ አይዋጥልኝም።

ኢንተሮትሮንን በርካሽ መሥራት ይቻላል?

ይቻላል። ከካሜራው ፊት አሳልፎ የሚያሳይ ንጹሕ መስታወት በ45 ዲግሪ አጋድመህ አቁም፤ ከሥሩ ታብሌት በጀርባው አስተኛና በቪዲዮ ጥሪ ፊትህን አሳይበት። ካሜራውንና የመስታወቱን ጀርባ በጥቁር ጨርቅ ሸፍን፤ አለበለዚያ ተጠያቂው ፊትህን በደንብ አያይም። ድምፁን በሌላ ማይክሮፎን ቅዳ።