መልስ፦ ሊፍቱ ላይ «በሞቴ ቅደም» አይሠራም

ኦስትሪያ ያሉት ዘመዶችህ ስኪ (ረጃጅም መንሸራተቻ እግር ላይ አስሮ የበረዶ ቁልቁለት መውረድ) ሊያስሞክሩህ ስለሆነ ሥርዓቱን ጠይቀሃል።

ቁልቁለቱ ላይ ከፊትህ ያለው ሰው ቅድሚያ አለው። የሚጠነቀቀው ከኋላ የሚመጣው ነው። ሐረጎን ወደ ኮምቦልቻ ሲወርዱ በክላክስ መንገድ ማስለቀቅ ከለመድክ፣ እርሳው።

ትልቁ ፈተና ግን በገመድ ተንጠልጥሎ ወደ ተራራው የሚያወጣህ ወንበር ያለው ሊፍት ነው። እኛ ደሴዎች በር ላይ «በሞቴ ቅደም»፣ «ኧረ አንተ!» ስንባባል ምሳው ይቀዘቅዛል። ወንበሩ ይሉኝታ አያውቅም። ገና ስትግደረደሩ ከኋላ መጥቶ ጉልበታችሁን ይላችኋል። ተራህ ሲደርስ ዝም ብለህ ተቀመጥ።

ሰው ሲወድቅም «እኔን!» እያላችሁ መሃል ላይ አትሰብሰቡ። ተጎድቶ ካልተነሳ፣ ከእሱ በላይ ባለው ቁልቁለት ሁለት መንሸራተቻ አመሳቅሎ መትከል ነው ደንቡ። አንተ ስትወድቅ (መውደቅህ አይቀርም) ቶሎ ወደ ዳር ውጣ። ፎቶውንም እዚያው ተነሳ።