ጅረቱን አይገድቡት፤ ፍየሎቹን ግን ያርቁ

ጥያቄ፦ ቨርጂኒያ ውስጥ፣ በሸናንዶዋ ተራሮች ግርጌ ትንሽ እርሻ ገዝቼ 30 ያህል ፍየልና በግ አረባለሁ። ከላይ ካለ ምንጭ የሚወርድ ጅረት መሬቴን አቋርጦ ያልፋል፤ መንጋው የሚጠጣውም ከዚያው ነው። ጅረቱ ውስጥ ጎናቸው ቀይ ነጠብጣብ ያለባቸው፣ ከመዳፍ ብዙም የማይበልጡ ዓሦች አየሁ። ገድቤ ኩሬ ባደርገውና ከማራቢያ ጣቢያ ሬይንቦው ትራውት የሚባለውን ዓሣ ብጨምርበትስ?

መልስ፦ ወንድሜ፣ የግድቡን ነገር ያቆዩትና መጀመሪያ ዓሣውን እንለየው። ጀርባው ላይ ትል የሄደበት የሚመስል ጠመዝማዛ መስመር አለው? ቀዩን ነጠብጣብ ሰማያዊ ቀለበት ከቦታል? የሆዱ ክንፎች ጠርዛቸው ነጭ ነው? እንዲህ ከሆነ ብሩክ ትራውት ነው። ሰው ያመጣው ሳይሆን የተራራው የራሱ ዓሣ ነው። ትራውት ይባል እንጂ የቅርብ ዘመዱ አርክቲክ ቻር የሚባለው የሰሜን ቀዝቃዛ ውሃ ዓሣ ነው። አገሩ ከካናዳ ላብራዶርና ከሐድሰን ባሕረ ሰላጤ አካባቢ ይጀምርና የአፓላችያን ተራሮችን ተከትሎ እስከ ሰሜን ጆርጂያ ይወርዳል። ሰሜኑ ላይ ሐይቅም ትልቅ ወንዝም ይኖርበታል፤ በኦንታሪዮ ኒፒገን ወንዝ ከመቶ ዓመት በፊት ከ6 ኪሎ ተኩል የሚበልጥ ተይዟል። ወደ እናንተ ሲወርድ ግን ቆላው ስለሚሞቅበት ቀዝቃዛ የተራራ ጅረት ላይ ብቻ ቀርቷል።

ኩሬውን የምቃወመውም ለዚህ ነው። የሚስማማው ውሃ ከ10 እስከ 16 ዲግሪ ሴልሺየስ ነው። 20 (በእናንተ ፋራናይት 68) ካለፈ ይጨነቃል፤ 25 አካባቢ ከቆየ ይሞታል። ምንጭዎ 12 ዲግሪ ሆኖ ቢወጣ እንኳ ኩሬ ውስጥ ተኝቶ የጁላይ ፀሐይ ሲመታው ይሞቃል፣ ከግድቡ በታች ያለውንም ያሞቃል። ይልቅ ቴርሞሜትር ይግዙና በኦገስት ከሰዓት በኋላ ጅረቱ መሬትዎ ሲገባና ሲወጣ ይለኩ። መውጫው ላይ በጣም ከሞቀ ጥላ ጎድሎታል ማለት ነው።

ዋናው ጣጣ ግን ፍየሎቹ ናቸው። ሴቷ ዓሣ በኦክቶበርና በኖቬምበር ከሥር ውሃ የሚፈልቅበትን ጠጠር በጅራቷ ቆፍራ እንቁላሏን ትጥልና መልሳ ትሸፍነዋለች። እንቁላሉ የብርዱን ወራት በጠጠሩ መሃል በሚያልፈው ውሃ እየተነፈሰ ይከርማል። መንጋው ዳሩን ሲረግጥ አፈሩ ይናዳል፣ ደለሉ የጠጠሩን ክፍተት ይደፍናል፣ እንቁላሉም ታፍኖ ይቀራል። የሞተ ዓሣ ስለማያዩ ልብ አይሉትም። እንዲህ ባለ ጅረት ዕድሜው ከሦስት አራት ዓመት እምብዛም ስለማያልፍ፣ ጥቂት ዓመት ሳይተካ ከቆየ ጅረቱ ባዶ ነው።

ስለዚህ ግራና ቀኝ 10 ሜትር ያህል ትተው አጥር ይሥሩለት፤ በመሃሉ አኻያና የመሳሰለ የወንዝ ዳር ዛፍ ይትከሉ። ከምንጩ ጥቂት ውሃ በቱቦ ስበው ከአጥሩ ውጭ ገንዳ ያስቀምጡ፣ ዙሪያውን ጠጠር ያልብሱት። ይህ ለዓሣው ብቻ አይደለም፤ ጭቃ ላይ ቆመው የሚውሉ በጎች ሰኮናቸው ሲበሰብስ ስንቴ አይቻለሁ! የአጥርና የገንዳ ወጪ የሚጋራ የመንግሥት ፕሮግራም ስላለ የአካባቢዎን የአፈርና ውሃ ጥበቃ ቢሮ ይጠይቁ። ማመልከቻው ሳይጸድቅ ግን አንድ እንጨት እንኳ አይትከሉ፤ ወጪው በራስዎ ይቀራል።

ሬይንቦውን ጅረቱ ውስጥ አይጨምሩ። የምዕራብ አሜሪካ ዓሣ ነው፤ ወደ ደቡብ አፓላችያን ከተለቀቀ ወዲህ ብሩክ ትራውትን እየገፋ ወደ ጅረቶቹ ራስ አውጥቶታል። ባሌ ዳንካ ወንዝ ላይ ያለውም ትራውት ከኬንያ መጥቶ የተለቀቀ እንግዳ ነው፤ እርስዎ ግን ባለቤቱ ራሱ ቤቱ አለልዎት።

ለገበያ ማርባት ከቆረጡ ከጅረቱ የተለየ ገንዳ ያስፈልጋል፤ ለፈቃዱ የቨርጂኒያን የዱር እንስሳት ሀብት መምሪያ አስቀድመው ያነጋግሩ። እስከዚያው በሴፕቴምበር ውሃው ሲያንስ ምንጩ በደቂቃ ስንት ሊትር እንደሚሰጥ በባልዲና በሰዓት ለክተው ይላኩልኝ።