ቴክኖሎጂ መሣሪያ ብቻ ነው ወይ?
«ቴክኖሎጂ እንደ ቢላዋ ነው፤ ጥሩም መጥፎም የሚያደርገው ተጠቃሚው ነው፤ አይደል?» ላልከው፣ እኔ አልስማማም ወንድሜ። ያልተጠቀመውም ሰው አያመልጥም።

የእንግሊዝን ባቡር ተመልከት። ድሮ እያንዳንዱ ከተማ ሰዓቱን የሚያስተካክለው በራሱ ፀሐይ ነበር። ብሪስቶል ከለንደን 10 ደቂቃ ያህል ወደ ኋላ ትቆጥር ነበር፤ ማንንም አልቸገረም። ባቡር ሲመጣ ግን ለሁሉም አንድ ሰዓት አስፈለገ። እ.ኤ.አ. በ1840 የምዕራቡ መስመር ኩባንያ የለንደንን ሰዓት ያዘ። ብሪስቶል እስከ 1852 አንገራገረች። በእህል ገበያ አዳራሿ ሰዓት ላይ ዛሬም ሁለት የደቂቃ ቆጣሪዎች አሉ፤ አንዱ የለንደን፣ አንዱ የራሷ። በጣም ደስ ይለኛል ይሄ ነገር! በመጨረሻ በ1880 የለንደኑ ሰዓት በሕግ ጸና። ባቡር ተሳፍሮ የማያውቀው ገበሬም ፍርድ ቤት ሲጠራ የሚቀርበው በባቡሩ ሰዓት ሆነ። እሱን ማን አማከረው?