«ባሌ ጌት (የፍቺ ወረቀት) አልሰጥም አለ» ላልሽው እህት

እህቴ፣ «ሽማግሌ ልላክበት ወይስ ራባኑት (የረቢዎች ፍርድ ቤት) ልሂድ?» ብለሽ ጠይቀሻል። ሁለቱንም ስላየሁት ልንገርሽ።

አንደኛ፣ ሽማግሌ ያስታርቅ፣ ይምከር። እናቴ ጎንደር እያለች ሽማግሌ ፊት ንብረት ተካፍላ በአንድ ቀን ተፋታች። እዚህ እስራኤል ግን ከ1953 ጀምሮ የአይሁዳውያን ፍቺ በቤት ዲን፣ ማለትም በዚሁ በራባኑት ፍርድ ቤት፣ እጅ ነው። ቆጵሮስ ሄደው በሲቪል የተጋቡትም ሲፋቱ እዚያው በር ላይ ይቆማሉ። ባልሽ በፈቃዱ ጌቱን እጅሽ ላይ ካልጣለ አሥር ዓመት ለብቻሽ ብትኖሪም ባለትዳር ነሽ። ከሌላ አይሁዳዊ ብትወልጂ ልጅሽ ማምዜር (በሃይማኖቱ ሕግ ከተከለከለ ግንኙነት የተወለደ) ይባላል።

ሁለተኛ፣ ቀን ቁጠሪ! እኔን ጉድ የሠራኝ ይሄ ነው። ይሹቭ ሲክሱክ (ከክስ በፊት የሚገባ የማስማሚያ ማመልከቻ) የከፈትኩት እኔ ነኝ። ማሁት የሚሉትን የማስማሚያ ስብሰባ በነጻ ጨረስን፣ አልተስማማንም። ከዚያ በኋላ ቀድሞ ለከፈተ ሰው የ15 ቀን ቅድሚያ አለው። ንብረቱና የልጆቹ ነገር በቤተሰብ ፍርድ ቤት ይታይ ብሎ የመክሰስ ዕድሉ የኔ ነበር። እኔ ግን ፔሳህ (የአይሁድ ፋሲካ) ይለፍ ብዬ ከመሳቢያ ውስጥ የዳቦ ፍርፋሪ ስጠርግ ነበር። ቀኑ እንዳለፈ እሱ ቤቱንም ልጆቹንም ከፍቺው ጋር አስሮ ራባኑት ከሰሰኝ።

ሦስት ዓመት ተመላለስኩ። የመዝገብ ቤቷ ሴትዮ ቀና ብላ እንኳ ሳታየኝ «አስተርጓሚ ይዘሽ ነይ» አለችኝ። ሃያ ዓመት በዕብራይስጥ የሠራሁ ሰው! እሱ ደግሞ «የቤቱን ድርሻ ተይልኝ፣ ነገ ጌቱን እሰጥሻለሁ» ይላል። ወንድሞቼ ሳይቀሩ ፈርሚና ተገላገይ አሉኝ። አልፈረምኩም።

በ1995 የወጣ ሕግ አለ። ቤት ዲኑ ፍቺ ይስጥ ብሎ ወስኖበት እምቢ ያለውን ከአገር እንዳይወጣ ሊያግደው፣ መንጃ ፈቃዱን ሊይዝበት፣ ሊያስረውም ይችላል። ችግሩ ዳያኖቹ (የቤት ዲኑ ዳኞች) ያን ውሳኔ እስኪሰጡ ታረጃለሽ። የኔው ሰውዬ ሾፌር ነበር። መንጃ ፈቃዱ በተያዘ በሳምንቱ ከተፍ አለ። ያቺን 12 መስመር ወረቀት በሁለት እጄ ተቀብዬ፣ ብብቴ ስር ይዤ ጥቂት እርምጃ ስራመድ ጉልበቴ ይንቀጠቀጥ ነበር። ድርሻዬም አልተነካ።

ድሮ «የሲቪል ፍቺ ይፈቀድ» የሚሉትን ሃይማኖት ጠል ይመስሉኝ ነበር። አሁን ፊርማ ሲያሰባስቡ ሳይ ሰልፍ ይዤ እፈርማለሁ።

ሦስተኛ ልልሽ ያሰብኩት ነበር፣ በንዴት ጠፋኝ። ለጠበቃ ከሌለሽ ሲዩዓ ሚሽፓቲት (የመንግሥት የሕግ እርዳታ) ጠይቂ። ግን መጀመሪያ ይሄን መልሺልኝ፦ ይሹቭ ሲክሱኩን የከፈተው ማን ነው? በየትኛው ቀን?