ስለ ከፊል አውቶማቲክ የስፖርት ጠመንጃ ክፍሎች አጠራር

ጥያቄ፦ «ለጀማሪ የዒላማ ተኳሾች የሚሆን የማስተማሪያ ጽሑፍ በአማርኛ እያዘጋጀሁ ሳለሁ ስለ ከፊል አውቶማቲክ የስፖርት ጠመንጃ ክፍሎች ስደርስ ተቸገርኩ። ‹ቃታ› እና ‹ምላጭ› አንድ ናቸው ወይስ ይለያያሉ? ‹ጥይት› የሚባለው ከአፈሙዙ የሚወጣው ነው ወይስ ከነቀለሁ ያለው ሙሉው? ‹ከፊል አውቶማቲክ› የሚለው ስያሜስ ትክክል ነው? የታወቀ የአማርኛ ስም የሌላቸውን ክፍሎች ምን ብዬ ልጥራቸው?»

መልስ፦ የክፍሎቹ ስም በሥራቸው የሚወሰን ስለሆነ ከመሣሪያው ስያሜ መጀመር ይሻላል። በዚህ ዓይነት ጠመንጃ ተኳሹ ምላጩን አንድ ጊዜ በሳበ ቁጥር አንድ ጥይት ብቻ ይተኮሳል። ከዚያ በኋላ ያለውን ሥራ፣ ማለትም ባዶውን ቀለህ ስቦ ማውጣትን፣ ወደ ውጭ መወርወርን፣ ጥይቱን ለማፈንዳት የሚመታውን መዶሻ መልሶ መወጠርንና አዲስ ጥይት ከካዝናው አንሥቶ ማጉረስን፣ መሣሪያው ከተኩሱ ባገኘው ኃይል በራሱ ይፈጽመዋል። ሁለተኛው ጥይት ግን ተኳሹ ጣቱን ለቆ ዳግመኛ ካልሳበ አይወጣም። ስለዚህ በራሱ የሚከናወነው መጉረሱ ሲሆን መተኮሱ ምንጊዜም ከሰው ጣት ይጠበቃል።

«ከፊል» የሚለው ቃል ይህን በሚገባ ይገልጻል። «ግማሽ አውቶማቲክ» የሚሉም አሉ፤ ነገር ግን «ግማሽ» ሁለት እኩል ከሆኑት አንዱን ስለሚያመለክት፣ ሥራው ደግሞ በሰውና በመሣሪያ መካከል እኩል የተከፈለ ስላልሆነ፣ «ከፊል» ይመረጣል። በአጭሩ «አውቶማቲክ» ብሎ ማለፍ ግን ስሕተት ነው፤ አውቶማቲክ የሚባለው ምላጩ ተስቦ እስከተያዘ ድረስ ሳያቋርጥ የሚተኩሰው መሣሪያ ሲሆን፣ ስሙን ከፈረንሳይኛ የወሰድነው መትረየስ የዚህ ወገን ነው። በዒላማ ተኳሾች ዘንድ በሰፊው በሚታወቀው «ኤአር-15» ስም ውስጥ ያሉት ሁለት ፊደላት «አውቶማቲክ ጠመንጃ» ማለት የሚመስላቸው ብዙዎች ናቸው፤ የቆሙት ግን ንድፉ በ1950ዎቹ እ.ኤ.አ. ለወጣበት ለአርማላይት ኩባንያ ስም ነው። እኔ ለጀማሪ አንባቢ ብጽፍ «ከፊል አውቶማቲክ» የሚለውን አንድ ጊዜ ካስታወቅሁ በኋላ «ራሱ የሚያቀባብል ጠመንጃ» እያልኩ እቀጥል ነበር፤ ሐረጉ ማንም የሚያውቀውን የአማርኛ ግሥ ይዞ ሥራውን ያለ ተጨማሪ ማብራሪያ ይናገራልና።

«አቀባበለ» የሚለው ግሥ ጥቂት እንድንቆይበት የሚገባ ነው። «ተቀበለ» እና «አቀበለ» ከሚሉት ጋር ሥሩ አንድ ሲሆን፣ አንዱ የሰጠውን ለሌላው ማድረስን ያመለክታል፤ በሻጭና በገዢ መካከል የሚገባውን ሰው «አቀባባይ» የምንለውም ከዚሁ ነው። በጠመንጃው ውስጥም የሚሆነው ይኸው ነው። ወደ ኋላና ወደ ፊት የሚመላለሰው የብረት ክፍል ወደ ኋላ ሲሸሽ ባዶውን ቀለህ ይዞ ይወጣል፤ ወደ ፊት ሲመለስ ደግሞ ከካዝናው አናት ላይ አንዱን ጥይት ገፍቶ ወደ መጉረሻው፣ ማለትም ጥይቱ ለመተኮስ ወደሚቀመጥበት የበርሜሉ የኋላ ክፍል፣ ያስገባዋል። ይህ ክፍል ጥይቱ በሚፈነዳበት ቅጽበት የመጉረሻውን ጀርባ የሚዘጋ በመሆኑ «መቀርቀሪያ» ቢባል ይስማማዋል። ተኳሹ የመጀመሪያውን ጥይት ለማስገባት በእጁ ወደ ኋላ የሚስበውን ክፍል ደግሞ «የማቀባበያ እጀታ» ይበሉት። መቀርቀሪያውን የሚያንቀሳቅሰው ኃይል ከመሣሪያ መሣሪያ እንደሚለያይም ማስታወቅ ያስፈልጋል። ለልምምድ በሚመረጡት በትንንሾቹ 5.6 ሚሊ ሜትር ጥይቶች የሚሠሩት ጠመንጃዎች በአብዛኛው መቀርቀሪያቸው በራሱ ክብደትና በጥምዝ ሽቦው (በስፕሪንጉ) ግፊት ብቻ ተዘግቶ ይቆያል፤ የተኩሱ ግፊትም ቀለሁን ወደ ኋላ ሲገፋው መቀርቀሪያው አብሮ ይሸሻል። ከፍ ያለ ኃይል ባላቸው ጥይቶች ግን ይህ አደገኛ ስለሚሆን መቀርቀሪያው በጥርሶች ይቆለፋል፤ በብዙዎቹም ከበርሜሉ በትንሽ ቀዳዳ የሚወሰደው ጋዝ ቁልፉን ፈትቶ መቀርቀሪያውን ይገፋዋል።

ወደ ቃታና ምላጭ ልመለስ። በዕለት ተዕለት ንግግርም ሆነ በጋዜጣ «ቃታ ሳበ» እና «ምላጭ ሳበ» የሚባሉት በአንድ ትርጉም፣ ጣት ለሚስበው ክፍል ነው፤ በዚህ አገባብ አንዱን ትክክል ሌላውን ስሕተት ማለት አይቻልም። ይሁንና «ቃታ» አንዳንድ ጊዜ ሰፋ ብሎ የሚወጠረውን መዶሻ ጭምር ለመጥራት ሲውል ይታያል፤ «ምላጭ» ግን በጠመንጃ ላይ ሲነገር ከዚያች ከጣት ማረፊያዋ አልፎ አይሄድም። የማስተማሪያ ጽሑፍ ደግሞ አንድ ክፍል በአንድ ስም እንዲጠራ ስለሚፈልግ ለጣት መሳቢያው «ምላጭ»፣ ምላጩ ሲለቀው ለሚመታው «መዶሻ»፣ መዶሻው ገፍቶት የጥይቱን መቀጣጠያ ለሚወጋው «መርፌ» ብሎ ለይቶ መጻፍን እመክራለሁ። «ቃታ»ን ማስቀረት ካልፈለጉ ከ«ምላጭ» ጋር በአንድ ቦታ አጣምረው ያስታውቁና ከዚያ በኋላ በአንዱ ይጽኑ።

«ጥይት» በርግጥ ሁለት ነገር ይሸፍናል። «ሃያ ጥይት ገዛ» ስንል ሙሉውን፣ «ጥይቱ ዒላማውን በሳው» ስንል ደግሞ የሚወነጨፈውን ብቻ ማለታችን ነው። ለተራ ንግግር ይህ አያውክም፤ ዐውዱ ይለየዋል። ስለ መሣሪያ ክፍሎች በሚያስረዳ ጽሑፍ ግን «ቀለሁ ከተኩሱ በኋላ ይወጣል» የሚል ዓረፍተ ነገር መምጣቱ ስለማይቀር ሙሉውን «ጥይት»፣ የሚወነጨፈውን «አረር»፣ የናሱን ወይም የሌላውን ብረት ማቀፊያ «ቀለህ»፣ በውስጡ ያለውን «ባሩድ» ማለት ያስፈልጋል። አራተኛው ክፍል የእሳት መቀጣጠያው ነው። በትልልቆቹ ጥይቶች መቀጣጠያው በቀለሁ ቂጥ መካከል ለብቻው ተተክሎ ይታያል፤ በትንንሾቹ የልምምድ ጥይቶች ግን በቀለሁ ጠርዝ ውስጥ ዙሪያውን የተቀባ ስለሆነ ከውጭ አይታይም፤ መርፌውም የሚመታው ጠርዙን ነው። ሠልጣኞች የተተኮሰ ቀለህ አንሥተው የመርፌውን ምልክት ቢያዩ፣ መሐል ላይ ያለችውንና ጠርዝ ላይ ያለችውን ስርጉድ በማነጻጸር ልዩነቱን ወዲያው ይረዱታል።

ቀሪዎቹ ክፍሎች ብዙ አያከራክሩም። «አፈሙዝ» የቱቦው ጫፍ፣ አረሩ የሚወጣበት አፍ ነው፤ ቱቦውን በሙሉ አፈሙዝ ማለት የተለመደ ቢሆንም በዚህ ጽሑፍ ለቱቦው «በርሜል»፣ በውስጡ አረሩን እያሽከረከሩ ለሚያወጡት ጠመዝማዛ መስመሮች «ቦይ» ቢሉ ግልጽ ይሆናል። «ሰደፍ» ትከሻ ላይ የሚያርፈው ክፍል ነው፤ በርሜሉን ከሥር የሚይዘው «የፊት መያዣ» ይባል። «ዒላማ» የሚመታው ነገር ስለሆነ ለዓይን መስመር መያዣው «ማነጣጠሪያ» የሚለውን ይጠቀሙ፤ የፊትና የኋላ ብሎ መለየት ይበቃል። በእውነት ስም የሚያስቸግረው በርሜሉ፣ መቀርቀሪያው፣ ካዝናውና የምላጩ መሣሪያ ሁሉ የሚገጠሙበት የመካከለኛው አካል ነው። ለእርሱ የጸና ልማድ አላገኘሁም፤ ስለዚህ ሐሳብ ላቅርብ፦ «ቀፎ» ይባል። «የስልክ ቀፎ» ስንል የውስጥ ዕቃዎችን አቅፎ የያዘውን አካል ማለታችን ስለሆነ አንባቢ ያለ ችግር ይቀበለዋል። እንደ ኤአር-15 ቀፎአቸው ለሁለት በተከፈለ ጠመንጃዎችም «የላይኛው ቀፎ» እና «የታችኛው ቀፎ» ማለት ይቀናል፤ መቀርቀሪያው በላይኛው፣ ምላጩና መዶሻው በታችኛው ይገኛሉ።

«ካዝና» ትክክለኛና የጸና ቃል ነው፤ ገንዘብ የሚቀመጥበትም ጥይት የሚቀመጥበትም መባሉ አያስነውረውም፤ ምንጩ የማከማቸት ትርጉም ካለው የዐረብኛ ሥር ነው፤ አውሮፓውያን ለዚሁ ክፍል የሚጠቀሙበት ቃልም ከዚያው ሥር የወጣ ነው። ከካዝና ጋር በተያያዘ ግን በጣም የምሳሳለት አንድ ጉዳይ አለ፤ እርሱም «ባዶ» የሚለው ቃል ነው። ካዝናው የወጣለትን ጠመንጃ ብዙ ሰው «ባዶ ነው» ይላል። ራሱ በሚያቀባብል ጠመንጃ ይህ አነጋገር ሰው ሊያስገድል ይችላል፤ የመጨረሻው ጥይት ካዝናው ከወጣ በኋላም በመጉረሻው ውስጥ ተቀባብሎ ሊቀመጥ ይችላልና። ስለዚህ «ካዝናው ወጥቷል»፣ «መጉረሻው ባዶ ነው» እና «ጠመንጃው ባዶ ነው» የሚሉትን ሦስቱን ለያይተው ይጠቀሙ፤ ሦስተኛውም የሚባለው የቀደሙት ሁለቱ በዓይን ከተረጋገጡ በኋላ ብቻ ይሁን።

ይህን በትእዛዝ መልክ ሲጽፉ ደግሞ የግሡ ቅርጽ ይጠንቀቁለት። «ካዝናውን ማውጣትና እጀታውን መሳብ» ብለው በአርእስት፣ ማለትም «ማውጣት» እና «መሳብ» በሚለው የግሥ ቅርጽ፣ ቢጽፉት የትኛው እንደሚቀድም አይታወቅም። እጀታው ቀድሞ ከተሳበ መቀርቀሪያው ሲመለስ ከካዝናው አዲስ ጥይት ያጎርሳል፤ ካዝናው በኋላ ቢወጣም ጠመንጃው እንደጎረሰ ይቀራል። በቦዝ አንቀጽ ግን «ካዝናውን አውጥተው፣ እጀታውን ወደ ኋላ ስበው፣ መጉረሻውን በዓይንዎ ይመልከቱ» ሲባል ቅደም ተከተሉ በግሡ ውስጥ ስለተያዘ የሚሳሳት አይኖርም።